ጭሱን ተዉት፣ ጭረቱን አጥፉ፦ የድሮ ኮንሰርት ቪዲዮ እንዴት ይታደሳል?

መጀመሪያ ያደስኩት የኮንሰርት ቪዲዮ ላይ ኮንፌቲውን በሙሉ አጥፍቼዋለሁ። ሆን ብዬ አልነበረም። የአቧራ ማጥፊያ ሶፍትዌሩን ከፍቼ፣ ጉልበቱን ከፍ አድርጌ፣ ሌሊቱን ሲሠራ እንዲያድር ትቼው ተኛሁ። ጠዋት ስነሳ አቧራው የለም። ጭረቱም የለም። በመጨረሻው ዘፈን ከጣሪያ የሚዘንበው ብጥስጣሽ ወረቀትም የለም። ሕዝቡ እጁን ወደ ላይ ዘርግቶ ምንም የሌለ ነገር ይቀልባል።

ሶፍትዌሩ አልተሳሳተም። ለአንድ ፍሬም (ቪዲዮው ከተሠራባቸው ነጠላ ምስሎች አንዱ) ብልጭ ብሎ የሚጠፋ ትንሽ ነጭ ነገር ሲያይ ቆሻሻ ነው ብሎ ያስባል። የተሠራው ለዚህ ነው። የተሳሳትኩት እኔ ነኝ። ከዚያ ወዲህ ማንኛውንም ቁልፍ ከመንካቴ በፊት አንድ ነገር እጠይቃለሁ፦ ይህ የምሽቱ ነው ወይስ የካሴቱ?

ጭሱ፣ ላቡ፣ ዓይን የሚወጋው መብራት፣ የተሰነጠቀው ድምፅ፣ ሕዝቡ ከዘፋኙ ቀድሞ የጀመረው አዝማች የምሽቱ ናቸው። ይቆያሉ። ሽሽሽ የሚለው የቴፕ ድምፅ፣ የሚዘለው መስመር፣ የደበዘዘው ቀለም የካሴቱ ናቸው። ይሄዳሉ። ችግሩ ሁለቱ አንዳንዴ በጣም መመሳሰላቸው ነው። ከታች ያሉት ደረጃዎች በአብዛኛው ሁለቱን ስለ መለየት ናቸው።

መጀመሪያ የተሻለ ቅጂ ፈልጉ

ብዙ ሰው ይህን ዘልሎ ነው የሚጀምረው። እጁ ላይ ያለውን ፋይል ይከፍትና ማጽዳት ውስጥ ይገባል። እኔ ግን ሁለት ቀን ቅጂ ፍለጋ ላይ ማጥፋትን እመርጣለሁ። ከካሴት ወደ ካሴት በተቀዳ ቁጥር ምስሉ ላይ ያለው ነጠብጣብ ይበዛል፣ ዝርዝሩ ይሳሳል፣ ቀለሙም ከቅርጹ እየተንሸራተተ ይሄዳል። የዘፋኟ ቀይ ከንፈር አገጯ ላይ ወርዶ ካያችሁት፣ የያዛችሁት የቅጂ ቅጂ ነው።

ኮንሰርቱ መጀመሪያ በምን እንደተቀረጸም እወቁ። በ16 ወይም በ35 ሚሊ ሜትር ፊልም ከሆነ ዕድለኞች ናችሁ። ኔጋቲቩ ከተገኘና በ4ኬ ስካን ከተደረገ፣ በዘመኑ በቴሌቪዥን ማንም ያላየው ዝርዝር ይወጣል። በቪዲዮ ካሜራ ከተቀረጸ ግን ጣሪያው የታወቀ ነው። ፓል የሚባለው የቴሌቪዥን ሥርዓት 625 መስመር፣ ኤንቲኤስሲ የሚባለው ደግሞ 525 መስመር ነው፤ ምስል የሚይዙት ደግሞ ከዚያ ውስጥ 576 እና 480 ገደማው ናቸው። ቪኤችኤስ (ተራው የቤት ቪዲዮ ካሴት) ወደ ጎን የሚለየው ወደ 240 መስመር ብቻ ነው። ቀለሙማ ከዚያም እጅግ ያነሰ ነው። ከቪኤችኤስ የሚወጣው ጥሩ ቪኤችኤስ ነው። 4ኬ አደርገዋለሁ የሚል ሰው ካጋጠማችሁ የሚጨምረው ዝርዝር ከየት እንደመጣ ጠይቁት።

ድምፁን ደግሞ ለብቻው ፈልጉ። ብዙ ጊዜ ጥሩው ምስልና ጥሩው ድምፅ አንድ ቦታ አይገኙም። በሬዲዮ የተላለፈ ቅጂ ወይም ከሚክሰሩ (የመድረኩን ድምፆች ከሚያደባልቀው መሣሪያ) በቀጥታ የተቀዳ ካሴት ካለ፣ ሁለቱን ማጋባት ይቻላል።

ካሴቱን ከማጫወታችሁ በፊት

የካሴቱን ክዳን ገልጣችሁ ክሩን በብርሃን እዩት። ነጭ ብናኝ ካለበት ሻጋታ ነው። ማጫወቻ ውስጥ አታስገቡት፤ ከእሱ በኋላ የሚገባውንም ይበክላል። ሲዞር የሚጮህና የማጫወቻው ሄድ (ክሩን የሚያነበው ክፍል) ላይ የሚጣበቅ ቡናማ ዝቃጭ የሚተው ቴፕ ደግሞ፣ የማግኔት ዱቄቱን የያዘው ማጣበቂያ እርጥበት ጠጥቶ የተበላሸ ነው። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ እና በ1980ዎቹ በተመረቱ የድምፅ ቴፖች ላይ የታወቀ በሽታ ነው። የሚታከመው በ50 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ለብዙ ሰዓት በማሞቅ ነው፤ ግን በልዩ ማሞቂያና ልምድ ባለው ሰው እጅ። የወጥ ቤት ምድጃ አትሞክሩ። አሲቴት ላይ የተሠሩ የቆዩ ቴፖች ደግሞ ጭራሽ አይሞቁም።

ፊልም ኮምጣጤ ኮምጣጤ ከሸተታችሁ መበስበስ ጀምሯል ማለት ነው። ሌላውን ሥራ አቁማችሁ ስካን አስደርጉት።

ካሴቱ ደህና ከሆነ አንዴ እስከ መጨረሻው አሳልፉትና መልሱት። የማጫወቻውን ሄድ አጽዱ። በቃ።

ወደ ኮምፒውተር ማስገባት

እዚህ የጠፋ ነገር በኋላ አይመለስም። ስለዚህ ገንዘብም ትዕግሥትም የሚገባው እዚህ ላይ ነው።

ማጫወቻችሁ ኤስ ቪዲዮ መውጫ ካለው እሱን ተጠቀሙ። ብርሃኑንና ቀለሙን በተለያየ ሽቦ ስለሚያወጣ እርስ በርስ አይበከሉም። ከማጫወቻው ቀጥሎ፣ ወይም በራሱ በማጫወቻው ውስጥ፣ ታይም ቤዝ ኮሬክተር ቢኖር ደግሞ ግማሽ መንገድ ሄዳችኋል። ክሩ ሲዞር ፍጥነቱ በጥቂቱ ይዋዥቃል። በዚህ ምክንያት እያንዳንዱ መስመር ትንሽ ቀድሞ ወይም ትንሽ ዘግይቶ ይጀምራል፤ ቀጥ ያለው የማይክ መቆሚያ እንደ እባብ ይጠማዘዛል። ይህን በሶፍትዌር ማቃናት እጅግ ከባድ ነው። መሣሪያው ግን እዚያው ያቃናዋል። ርካሽ የዩኤስቢ መቀየሪያዎች ምልክቱ ሲረበሽ ፍሬም ይጥላሉ። ከዚያ ድምፁ ቀስ በቀስ ከአፍ ይለያል፤ እናንተ ደግሞ ጥፋቱን የሌለበት ቦታ ስትፈልጉ ትውላላችሁ።

ስታስገቡ ምንም በማይቀንስ ኮዴክ (ቪዲዮውን በሚያምቅ ስልት) አስቀምጡ። ኤፍኤፍቪ1 ጥሩ ነው፤ ነፃ ነው፣ የታወቁ ቤተ መዛግብትም ይጠቀሙበታል። አንድ ሰዓት ቪዲዮ ከ30 እስከ 40 ጊጋባይት ቢወስድ አትደንግጡ።

ለኮንሰርት ብቻ የሚሠራ ማስጠንቀቂያ አለ። የብርሃኑን መጠን የምታስተካክሉት በመክፈቻው ጨለማ ሳይሆን መብራቱ በሙሉ በሚበራበት ቅጽበት ነው። የዘፋኙ ፊት በፎሎው ስፖት (ዘፋኙን በሚከተለው መብራት) ነጭ ሆኖ ከተቃጠለና ያንን ሲገባ ከቆረጣችሁት፣ በኋላ ብርሃኑን ብታወርዱትም አይመለስም። ድምፁም እንደዚያው ነው። 48 ኪሎ ኸርዝ፣ 24 ቢት አድርጉና ከፍታውን በጭብጨባው ለኩ። ከዘፈኑ ይልቅ ብዙ ጊዜ የሚጮኸው ጭብጨባው ነው። ማጫወቻው ሃይ ፋይ ድምፅ ካለው እሱን ምረጡ። ተራው የድምፅ መስመር በክሩ ጠርዝ ላይ ያለ ቀጭን ነገር ስለሆነ ሁልጊዜ የታፈነ ነው።

ጊዜ ካላችሁ ያንኑ ካሴት ሦስት ጊዜ አስገቡት። ክሩ ላይ ያለ ቋሚ ጉዳት ሦስቱም ላይ ይታያል፤ በማጫወት ወቅት የተፈጠረ ነጭ ጭረት ግን እያንዳንዱ ላይ ሌላ ቦታ ነው የሚወድቀው። ሦስቱን ደርባችሁ ለእያንዳንዱ ፒክስል መካከለኛውን ዋጋ ስትወስዱ ያልተስማማው ይወድቃል። እንደ ሦስት ምስክር አድርጋችሁ አስቡት።

ድምፁ ይቅደም

ብዙዎች በምስሉ ይጀምራሉ፤ ውጤቱ ቶሎ ስለሚታይ። እኔ በድምፁ እጀምራለሁ። ኮንሰርት ነው፤ የጊዜው አጥንት ድምፁ ነው። ምስሉ የሚሰቀለው በዚያ ላይ ነው።

የመጀመሪያው ሥራ ሲንክ ነው፤ ምስሉንና ድምፁን ማገጣጠም። ሲንክ ምን ያህል ከባድ ሊሆን እንደሚችል ለማወቅ የአሜሪካዊቷን ዘፋኝ የአሬታ ፍራንክሊንን «አሜዚንግ ግሬስ» የተባለ የኮንሰርት ፊልም ማስታወስ በቂ ነው። ዳይሬክተሩ ሲድኒ ፖላክ እ.ኤ.አ. በ1972 ሎስ አንጀለስ ውስጥ አንድ ቤተ ክርስቲያን ገብቶ ሲቀርጽ ክላፐር (ቀረጻ ሲጀመር ጧ የሚደረገውን ሰሌዳ) አልተጠቀመም። ምስሉና ድምፁ የሚገናኙበት ምልክት ስላልነበረ ሥራው ቆመ። ቴክኖሎጂው ደርሶ ሲንኩ ከተፈታ በኋላም በመብት ክርክር ቆየና ፊልሙ ለሕዝብ የታየው እ.ኤ.አ. በ2018 ነው።

የእናንተው ይህን ያህል አይከብድም። ካሜራው ራሱ የቀዳው መጥፎ ድምፅ ካለ አትጣሉት፤ መንገድ መሪያችሁ እሱ ነው። የስኔር ድራም ምት ፈልጉ። ሶፍትዌሩ በሚያሳያችሁ የድምፅ ሞገድ ላይ እንደ ሚስማር ቀጥ ብሎ ይታያል። ጥሩውን ድምፅ ከዚያ ጋር አግጥሙት። ከዚያ ወደ መጨረሻው ዘፈን ሂዱና ያንኑ እዩ። መጀመሪያው ላይ ገጥሞ መጨረሻው ላይ ከተለያየ ሁለቱ መሣሪያዎች በተለያየ ፍጥነት ሮጠዋል። የ0.1 በመቶ ልዩነት በአንድ ሰዓት 3.6 ሴኮንድ ይሆናል። ይህን ያህል ከሆነ የድምፁን ፍጥነት በዚያው 0.1 በመቶ ቀይሩ። የቃናው ለውጥ ጆሮ የሚለየው አይደለም።

አሁን ብዙ ሰው የሚስተው ነገር። ድምፅ በሴኮንድ 343 ሜትር ገደማ ነው የሚሄደው። ከመድረኩ 30 ሜትር ርቆ የቆመ ካሜራ ድምፁን የሚሰማው 87 ሚሊሴኮንድ ዘግይቶ ነው። ብርሃኑ ግን ወዲያው ደርሶታል። የዚያን ካሜራ ድምፅ ከሚክሰሩ ቅጂ ጋር በሞገድ ካገጠማችሁ፣ ምስሉ በሁለት ፍሬም ያህል ይቀድማል። ሶፍትዌሩ «ገጥሟል» ይላችኋል፤ ከበሮ መቺው ግን ዱላውን ቀድሞ ያሳርፋል። ስለዚህ በሞገድ ካገጠማችሁ በኋላ ዓይናችሁን አምናችሁ የራቀውን ካሜራ ሁለት ፍሬም ወደ ኋላ አዘግዩት። ሰው ቀድሞ የሚመጣ ድምፅን ቶሎ ይነቃበታል፤ 45 ሚሊሴኮንድ ይበቃዋል። የዘገየ ድምፅን ግን እስከ 125 ሚሊሴኮንድ ድረስ ላያስተውል ይችላል። ከተጠራጠራችሁ ድምፁ ትንሽ ቢዘገይ ይሻላል።

ቀጥሎ ፍጥነት። በሴኮንድ 24 ፍሬም የተቀረጸ ፊልም ለፓል ቴሌቪዥን ሲዘጋጅ ወደ 25 ይፋጠናል። ዘፈኑም በ4 በመቶ ይፈጥናል፤ ቃናውም ወደ 0.7 ሰሚቶን (ሰሚቶን በኪቦርድ ላይ ከአንድ ቁልፍ ወደ ጎረቤቱ ያለው ርቀት ነው) ይወጣል። ኪቦርድ አምጡና ከዘፈኑ ጋር ተጫወቱ። ዘፈኑ በሁለት ቁልፎች መካከል ከወደቀ ፍጥነቱ ተነክቷል፤ የካሴቱ ጥፋት ነው። ከአልበሙ አንድ ቁልፍ ዝቅ ብሎ በትክክል ከተቀመጠ ግን ብዙ ጊዜ የምሽቱ ነው። ዘፋኞች ጉሮሯቸው እንዲያርፍ በጉዞ ላይ ቁልፍ ዝቅ ያደርጋሉ። ያንን «አቃንታችሁ» ዘፋኙን ድምፁ እንደቀጠነ የካርቱን እንስሳ እንዳታደርጉት።

ድምፁን ማጽዳት

ቅደም ተከተሉ ወሳኝ ነው። እኔ እንዲህ ነው የማደርገው፦

1. ከከፍታው የተቆረጠውን ድምፅ መጠገን። ይህ ከሁሉ ይቀድማል። ሶፍትዌሩ የሚፈልገው የሞገዱን የተቆረጠ ጠፍጣፋ አናት ስለሆነ፣ ቀድማችሁ ሌላ ነገር ካደረጋችሁ ምልክቱን ታጠፉበታላችሁ።
2. ጠቅ ጠቅ የሚሉትን ማውጣት።
3. ኡምምም የሚለውን የኤሌክትሪክ ድምፅ መቀነስ።
4. የቴፑን ሽሽታ መቀነስ። መጨረሻ ላይ፣ በጥቂቱ።

አይዞቶፕ አርኤክስ የሚባለው የድምፅ ሶፍትዌር ሁሉንም ይሠራል። ኦዳሲቲ በነፃ ብዙውን ያደርጋል። መሣሪያው ያን ያህል ልዩነት አያመጣም፤ እጁ ነው።

የኤሌክትሪኩ ድምፅ እንደየአገሩ 50 ወይም 60 ኸርዝ ላይ ነው፤ ከዚያ እጥፎቹ ይከተላሉ። እዚህ ጋ አንድ ወጥመድ አለ። የቤዝ ጊታር ዝቅተኛው «ጂ» ኖታ 49 ኸርዝ ነው። 50 ላይ ሰፊ ጉድጓድ ከቆፈራችሁ ያ ኖታ በተመታ ቁጥር ቤዙ ጉድጓድ ውስጥ ይገባል። ጠባብ አድርጉት። ሌላው ደግሞ የመድረክ መብራት ማደብዘዣዎች የሚፈጥሩት ዝዝታ ነው። መብራቱ ሲለወጥ ዝዝታውም ይለወጣል። አንድ ማጣሪያ ከዳር እስከ ዳር ስለማይበቃ በየዘፈኑ ከፋፍላችሁ ሥሩ። በዘፈኖች መካከል የሚሰማውን የጊታር አምፕ ጉርምርምታ ግን እኔ ግማሹን እተወዋለሁ። ሙሉ በሙሉ ሲጠፋ ባንዱ ከመድረክ የወረደ ይመስላል።

ስለ ሽሽታው፦ ኖይዝ ማጥፊያ ሁሉ «ንጹሑን ኖይዝ አሳየኝ» ይላችኋል። ጀማሪ የሚያሳየው በሁለት ዘፈኖች መካከል ያለውን ጸጥታ ነው። እሱ ግን ጸጥታ አይደለም፤ ሕዝብ ነው። ሶፍትዌሩ የሕዝቡን ትንፋሽ ኖይዝ ብሎ ከተማረ፣ በሙሉው ኮንሰርት ውስጥ እያሳደደ ያጠፋዋል። የሲምባሉን፣ የከበሮውን የናስ ሳህን፣ ጭራ ጨምሮ። ናሙናውን ከቴፑ መጀመሪያ፣ ማይኮቹ ከመከፈታቸው በፊት ካለው ሽርፍራፊ ውሰዱ። ግማሽ ሴኮንድም ትበቃለች። ከዚያ ከ6 እስከ 10 ዴሲቤል ብቻ ቀንሱ።

ልኩን ያለፋችሁ እንደሆነ የምታውቁበት ዘዴ አለ። ሁለቱም ሶፍትዌሮች የሚወገደውን ድምፅ ብቻ ማሰማት ይችላሉ። አዳምጡት። ሽሽሽ ብቻ ከሆነ ጥሩ። በውስጡ ዘፋኟ ከሩቅ ስትዘፍን ከሰማችሁ እሷን እየጣላችኋት ነው። መልሱት።

ከሚክሰር የተቀዳ ድምፅ ሌላ ጣጣ አለው። ደረቅ ነው። ዘፋኙ ጆሯችሁ ሥር ነው፣ ጊታሩ ግን የለም። በትንሽ አዳራሽ የጊታር አምፑ በራሱ ስለሚሰማ ሚክሰሩ ላይ ብዙም አይከፍቱትም። መድኃኒቱ ከሕዝቡ መሀል የተቀዳ ሌላ ቅጂ መደባለቅ ነው። ከ150 ኸርዝ በታች ያለውን ቁረጡለት፤ አለበለዚያ ቤዙን ያጨቀየዋል። መዘግየቱንም አቃኑለት፤ ግን እስከ መጨረሻው አይደለም። 10 ወይም 15 ሚሊሴኮንድ ተዉለት። ያቺ ትንሽ መዘግየት ናት አዳራሹን አዳራሽ የምታስመስለው። በዘፈኖች መካከል ሕዝቡን ቀስ ብላችሁ ከፍ አድርጉ፤ ዘፈን ሲጀምር ቀስ ብላችሁ አውርዱ።

ድምፅን ከመሣሪያ የሚለዩ እንደ ዴሙክስ ያሉ ፕሮግራሞች አሁን በነፃ ይገኛሉ። እኔም እጠቀማለሁ፤ ግን የተቀበረን ዘፋኝ 2 ወይም 3 ዴሲቤል ለማንሳት ብቻ። ከዚያ በላይ ሲሄዱ ሲምባሉ ውሃ ውስጥ የገባ ይመስላል። የስቱዲዮውን ቅጂ ወስዶ ከመድረኩ ላይ መለጠፍ ወይም የሳተን ኖታ በኦቶቱን ሶፍትዌር ማቃናት ግን እድሳት አልለውም። የሳተው ኖታ የምሽቱ ነው።

የመጨረሻውን ከፍታ ለኢንተርኔት ወደ −14 ሉፍስ (አማካይ የድምፅ ከፍታ መለኪያ)፣ ለአውሮፓ ቴሌቪዥን −23 ሉፍስ አድርጉ። ጫፉ ከ−1 ዴሲቤል አይለፍ። ስትለኩ ዘፈኖቹን ለኩ። ረጅም ጭብጨባ ያለበትን ሁሉ አንድ ላይ ከለካችሁ ዘፈኖቹ ዝቅ ብለው ይቀራሉ።

ምስሉ፦ ከመስመሮቹ ጀምሩ

የድሮ ቪዲዮ ፍሬም ሁለት ግማሽ ነው። በአንደኛው ቅጽበት ጎዶሎ ቁጥር ያላቸው መስመሮች፣ በሚቀጥለው ሙሉ ቁጥር ያላቸው ይቀረጻሉ። በኮምፒውተር ሲታይ የጨፋሪዎቹ እጅ እንደ ማበጠሪያ የሚተለተለው ለዚህ ነው። ለማቃናት ከሁሉ የሚሻለው ኪውቲጂኤምሲ የሚባለው ማጣሪያ ነው። ዘገምተኛ ነው፤ ግን ሌላውን ካያችሁ በኋላ ወደ እሱ ትመለሳላችሁ። 25 ፍሬም ሳይሆን 50 እንዲያወጣ እዘዙት፤ ለኤንቲኤስሲ 60 ገደማ። ግማሹን የሚጥሉ አሉ፣ «የፊልም መልክ ይሰጠዋል» ይላሉ። እኔ አልስማማም። ያ ጭፈራ በሴኮንድ 50 ጊዜ ነው የተያዘው፤ ግማሹን ለምን እጥላለሁ?

እንቅስቃሴው አንድ ወደ ፊት አንድ ወደ ኋላ የሚል ከሆነ የመስመሮቹን ቅደም ተከተል ገልብጣችኋል። ቅንብሩን ቀይሩት። ኮንሰርቱ በፊልም ተቀርጾ ወደ ኤንቲኤስሲ ቪዲዮ የተገለበጠ ከሆነ ደግሞ ይህ መንገድ አይደለም። የተደጋገሙትን ግማሾች አውጥቶ ወደ 24 መመለስ ነው የሚያስፈልገው።

ከፍሬሙ ግርጌ የምትንቀጠቀጠውን ጥቂት መስመር ቁረጡና እለፉ።

ነጠብጣቡን መቀነስ፣ ቀለሙን ማቃናት

ጥሩ የነጠብጣብ ማጥፊያ ከፊትና ከኋላ ያሉትን ፍሬሞች አይቶ ያመዛዝናል። በተረጋጋ ምስል ላይ ተአምር ይሠራል። መድረክ ላይ ግን ምንም የተረጋጋ ነገር የለም። ስትሮብ መብራት ብልጭ ሲል አንዱ ፍሬም ነጭ፣ ጎረቤቱ ጥቁር ነው፤ ሁለቱ ሲመዛዘኑ የጨፋሪው ጥላ መንፈስ ሆኖ ይቀራል። ጭስ ደግሞ ለሶፍትዌሩ ነጠብጣብ ነው የሚመስለው፤ ጠራርጎ ድፍን ግራጫ ያደርገዋል። የሚያብለጨልጭ ቀሚስ እንደ አቧራ ይቆጠራል። የኮንፌቲውን ነገር ነግሬያችኋለሁ።

ስለዚህ ሙሉውን ኮንሰርት በአንድ ቅንብር አታስኬዱ። በዘፈን ከፋፍሉት። ከእያንዳንዱ ዘፈን በጣም አስቸጋሪዋን አሥር ሴኮንድ ምረጡ፤ ጭስ ያለባት፣ ድቅድቅ ሰማያዊ የሆነች፣ ስትሮብ የበዛባት። ቅንብሩን በእሷ ላይ ፈትኑ። እሷ ካለፈች ሌላው ያልፋል። ኮንፌቲና ርችት ያለበትን ክፍል ከአቧራ ማጥፊያው ነጥላችሁ አውጡና ትላልቆቹን ጭረቶች በእጅ አንድ በአንድ ሸፍኑ።

በድሮ የቱቦ ካሜራ በተቀረጹ ኮንሰርቶች ላይ መብራት ሲንቀሳቀስ ከኋላው ጭራ ይተዋል፤ ልክ እንደ ጅራታም ኮከብ። አትንኩት። ካሜራው ያንን ምሽት ያየው እንደዚያ ነው።

ቀለም ላይ «ምሽት ወይስ ካሴት» የሚለው ጥያቄ ከሁሉ ይከብዳል። ፊቷ ወይን ጠጅ የሆነው በመብራቱ ነው ወይስ በቴፑ? እኔ የምለየው እንዲህ ነው። የካሴቱ ስህተት ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አንድ ዓይነት ነው። የመብራቱ ግን በየዘፈኑ ይለዋወጣል። ስለዚህ ነጭ መብራት የበራበትን ቅጽበት ፈልጉ፤ ብዙ ጊዜ ባንዱ እጅ ነሥቶ ሲሰናበት የአዳራሹ መብራት ይበራል። ነጭ ሸሚዝ ወይም የኪቦርድ ቁልፎች አግኙና እነሱን ነጭ አድርጉ። ያንን ማስተካከያ ለሙሉው ኮንሰርት ስጡት። ከዚያ በኋላ ፊቷ አሁንም ወይን ጠጅ ከሆነ፣ የመብራት ባለሙያው እንደዚያ ስለፈለገ ነው።

የተንሸራተተ ቀለም ካለ የቀለሙን ድርብርብ ብቻ ጥቂት ፒክስል ወደ ላይና ወደ ጎን ግፉት። ያ ከአገጭ ላይ ያለ ከንፈር ቦታው ይገባል። ደስ የሚል ሥራ ነው፤ በአንድ ደቂቃ ይታያል። ቀይና ሰማያዊ መብራት ፊትን ድፍን ካደረገው ደግሞ ብርሃኑን ሳይሆን የቀለሙን ጥንካሬ ቀንሱ፤ የተረፈ ዝርዝር ካለ የሚወጣው በዚያ ነው። ብዙ ካሜራ ካለ ሰፊውን ምስል የሚያሳየውን መልሕቅ አድርጉና ሌሎቹን ወደ እሱ አምጡ። ዳቪንቺ ሪዞልቭ በነፃው እትሙ ይህን ሁሉ ያደርጋል። የድሮ ቪዲዮ የቀለም ስሌት 601፣ የኤችዲው 709 መሆኑን ግን አትርሱ። ሳይቀየር ካለፈ ቀዩ ወደ ብርቱካን ያዘነብላል።

ማሳደግ፣ በልክ

በሰው ሠራሽ አስተውሎት የሚሠሩት ማሳደጊያዎች ዝርዝር አይመልሱም፤ ይገምታሉ። ቅርብ ሆኖ በደንብ የታየ ፊት ላይ ግምታቸው ይሰምርላቸዋል። ሕዝቡ ውስጥ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ግን ስድስት ፒክስል ከሆነ ፊት ሰው ይፈጥራሉ። ዓይኑ የተንሸዋረረ፣ ጥርሱ አንድ ወጥ የሆነ፣ በዓለም ላይ የሌለ ሰው። ውጤቱን ስትመረምሩ የዘፋኙን ጉንጭ አትዩ፤ እሱ ሁሌም ያምራል። የማይኩን ወንፊት፣ የጊታሩን ክሮች፣ ከበሮው ላይ የተጻፈውን ስም እዩ። ጊታሩ ሰባት ክር ካበቀለ ጉልበቱን ቀንሱ።

የእኔ መላ ይኸውና። ከሁለት እጥፍ ገደማ በላይ አላሳድግም። የማሳደጊያውን ውጤት ከተራ ማሳደጊያ ጋር ግማሽ በግማሽ እደባልቃለሁ። ከላይ ደቃቅ ግሬይን (የፊልም ዓይነት ነጠብጣብ) እረጫለሁ፤ ቆዳው ሰም እንዳይመስል። ቅርጹን ለማክበር 4 በ3 የሆነውን ምስል 1440 በ1080 አድርጌ አወጣለሁ። ስክሪን ለመሙላት ወደ ጎን የተለጠጠ ዘፋኝ ሳይ ያመኛል።

ማውጣትና ማስቀመጥ

ሁለት ፋይል አውጡ። አንዱ ምንም ያልተቀነሰለት ዋና ቅጂ ነው። ሌላው ለመመልከቻ፤ ኤች 264 በሚባለው ኮዴክ፣ ሲአርኤፍ የሚባለው የጥራት ቁጥር ከ16 እስከ 18፣ በ50 ወይም በ60 ፍሬም። ዩቲዩብ 50 እና 60 ፍሬም የሚያሳየው ከ720 መስመር ጀምሮ ስለሆነ፣ በ576 መስመር ከጫናችሁት ያ ሁሉ የእንቅስቃሴ ልፋት ይቀርባችኋል። የወጣውን ፋይል ከዳር እስከ ዳር ተቀምጣችሁ እዩት፤ አንዴ በቴሌቪዥን፣ አንዴ በስልክ። በተለይ የመጨረሻውን ዘፈን ሲንክ።

የካሴት ባለቤት መሆን የማሳተም መብት አይሰጥም። የዘፈኑ ደራሲ፣ ዘፋኙ፣ የቀረጸው ድርጅት ሁሉ ድርሻ ሊኖራቸው ይችላል። ለሕዝብ ከማውጣታችሁ በፊት አስፈቅዱ።

ያስገባችሁትን ጥሬ ፋይል አታጥፉ። ሦስት ቅጂ፣ በሁለት ዓይነት ማስቀመጫ፣ አንዱ ሌላ ሕንፃ ውስጥ። ከጎኑ ምን እንዳደረጋችሁ የሚናገር አጭር የጽሑፍ ፋይል አኑሩ፤ የትኛውን ማጣሪያ፣ በምን ያህል ጉልበት፣ በየትኛው ዘፈን ላይ።

ያን ኮንፌቲ የመለስኩት ጥሬው ስለነበረኝ ነው። የመጨረሻውን ዘፈን ነጥዬ፣ አቧራ ማጥፊያውን ዘግቼ፣ እንደገና አወጣሁት። ወረቀቱ ይዘንባል። ሁለት ጭረት አምልጦኛል፤ አንዷ እስካሁን ከበሮ መቺው ትከሻ ላይ አለች።